የማሰላሰያው ጊዜ ይነሳልን

ሄማንጊ ባሏን ሲቸኩል አይታው አታውቅም ነበር። ሽሪራንግ አንድ ሐብሐብ ለመግዛት የሻጩን ክምር በሙሉ እያንኳኳ የሚያዳምጥ ሰው ነው። ናሺክ ከተማ ውስጥ መነጽር ቤት አለው። ቀኑን ሙሉ የደንበኛ ዓይን ላይ መስታወት እየቀያየረ «ይሄኛው ይሻላል ወይስ ያኛው?» ሲል ይውላል፤ እሱ ራሱ ግን ከሁለት ሸሚዝ አንዱን መምረጥ ሲያቅተው እናቱን ይጠራል። ስለዚህ አንድ ቀን ረፋድ ላይ ደውሎ «የማሰላሰያው ጊዜ ይነሳልን ብለን እናመልክት» ሲላት፣ ሄማንጊ ስልኩን ከጆሮዋ አንስታ ቁጥሩን አየችው። የሱ ነው።

«ምን አልክ?»

«ስድስት ወሩ ይነሳልን ብለን። አሁን ብዙ ሰው እየጠየቀ ነው አሉ። ዳኛዋ ከፈቀደች ቶሎ ያልቃል።»

«ለምን?»

«ለምን ማለት... ያው መለያየታችን ካልቀረ።»

«ይኸን ያህል ጊዜ ስለምንህ ‹እናስብበታለን› ስትል አልነበር?»

«አሰብኩበታ» አለ። ከዚያ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ «ጠበቃሽን አናግሪያት። ደግሞ ሄማ፣ ወረቀት የሚልኩ ከሆነ ወደ ቤት እንዳይልኩ። ወደ ሱቅ ይሁን።»

ስልኩን ዘጋ። ሄማንጊ የወይን ማሸጊያው መጋዘን ውስጥ ቆማ ነበር። ሥራዋ ወደ ውጭ አገር የሚላክ ወይን መመርመር ነው። ከላይ ሲያዩት ያማረ ዘለላ ትይዝና ከመሃሉ አንዷን ፍሬ መንጥቃ ትሰነጥቃታለች፤ ሻጋታ የሚጀምረው ከመሃል ነውና። ያን ዕለት ግን ስንት ሣጥን እንዳለፋት አላወቀችም። የባሏ ጥድፊያ ከሐሳቧ ሳይወጣ ዋለ።

ሁለቱ ተለያይተው መኖር ከጀመሩ ሁለት ዓመት አልፏቸዋል። ዱላ አልነበረም፣ ስድብ አልነበረም፣ ሌላ ሴትም፣ ቢያንስ ያኔ፣ አልነበረችም። የነበረችው እናቱ ናት። ኢንዱማቲ ክፉ ሴት ሆና አይደለም፤ ልጇ ግን ያለሷ ቃል ውሃ አይጠጣም። የሄማንጊ ፅንስ የወረደ ቀን፣ እሷ መታጠቢያ ቤቱ ወለል ላይ ደም እየፈሰሳት ተቀምጣ ሳለ፣ ሽሪራንግ በሩ ላይ ቆሞ ሰርግ የሄደችውን እናቱን በስልክ «የትኛው ሆስፒታል ልውሰዳት?» እያለ ይጠይቅ ነበር። በሰርጉ ሙዚቃ ጩኸት እናቱ ስላልሰማችው ደጋግሞ ጠየቃት። ሄማንጊ ግድግዳውን ተደግፋ ተነሣች፣ ነጠላዋን ወገቧ ላይ ጠመጠመች፣ ወጥታም ራሷ ባጃጅ አስቆመች። ከሆስፒታል የወጣችው ወደ አክስቷ ቤት ነው። ከዚያ ወዲህ አልተመለሰችም።

ፍቺ ስትጠይቀው እምቢ አላለም። እሺም አላለም። «አዪ ታዝናለች» ይላል። አዪ በነሱ ቋንቋ እናት ማለት ነው። አዪ ደግሞ «በኛ ቤት የተፋታ ሰው የለም» ብላ ነገሩን ከዘጋችው ቆይታለች። እንዲህ ሲያጓትት ኖሮ፣ ዝናቡ አብቅቶ ብርዱ ሊገባ ሲል ሽሪራንግ በድንገት ደውሎ «በስምምነት እንጨርሰው» አለ። አብረው ሄደው አመለከቱ። የሂንዱ ጋብቻ ሕግ ሁለቱም ወደው ፍቺ ሲጠይቁ በቀጥታ አያፋታቸውም፤ ስድስት ወር ሂዱና አስቡበት ይላል። ከዚያ በኋላ ሁለቱም ተመልሰው ቃላቸውን ከደገሙ ትዳሩ ይፈርሳል። በመሃል አንዳቸው «ሐሳቤን ቀይሬያለሁ» ካለ ግን ሁሉም ነገር ከንቱ ነው። ዳኛ ካመነበት ብቻ ይህን ጊዜ ሊያነሳ ይችላል፤ ተለያይተው ብዙ ከኖሩ፣ ሽማግሌ ሞክሮ ካቃተው፣ የሚጨቃጨቁበት ነገር ካልቀረ። ሽሪራንግ የጠየቀው ይህን ነበር።

ማታ ለአክስቷ ነገረቻት። አትያ ነው የምትላት፤ የአባት እህት እንዲያ ነው የምትጠራው። አትያ ዕድሜዋን በስልክ ማዞሪያ ቤት የሰው ወሬ ስታገናኝ ኖራ ጡረታ የወጣች ሴት ናት። ከዚያ ሥራ ይዛው የወጣችው አንድ እምነት ነው፤ መስማት ያለብን ሰው በስልክ ያላለውን ነገር ነው የሚል።

«ወደ ሱቅ ላኩ አለ?» አለች፣ ምስር እየለቀመች።

«አዎ።»

«ሴት አለች።»

«አትያ፣ እሱ ሴት መርጦ?»

«እሱ ምን ይመርጣል፣ እናቱ መርጣለታለች እንጂ። ሴቲቱ ቤት ገብታለች፣ ለዚህ ነው ወረቀቱ ቤት እንዳይመጣ የፈለገው። ሰርጉ ቀን ተቆርጦለታል። አንቺ ፈርመሽ ስትወጪ በዚያኛው በር ሙሽራዋ ትገባለች።»

«ብትገባስ ታዲያ? እኔ ምን አገባኝ?»

አትያ ቀና ብላ አየቻት። «ካላገባሽ ለምንድን ነው ሩዙን ሳትበዪ የምታማስይው?»

ጠበቃዋ ሱላባ ደግሞ ሌላ ዓይነት ሰው ናት፤ ሳቋ ጮክ ያለ፣ ጥርጣሬዋ ግን ዝም ያለ። የሄማንጊን ነገር ሰምታ ብዕሯን ጠረጴዛ ላይ አንከባለለች።

«እኔ በዚህ ሥራ የተማርኩት ነገር ቢኖር፣ ሌላኛው ወገን ሲሮጥ ቁጭ ማለት ነው» አለች። «ማመልከቻውን መጻፍ ቀላል ነው። ዳኛዋ ግን መጀመሪያ የምትጠይቀው ‹ምን አስቸኮላችሁ?› ብላ ነው። አንቺ ምን ልትያት ነው?»

«እኔ አልቸኮልኩም።»

«እሱስ ለምን ቸኮለ?»

«አላውቅም።»

«እንግዲያው እወቂ። ሳታውቂ አብረሽ ከፈረምሽ፣ እዚያ ቆመሽ የምታፍሪው አንቺ ነሽ።»

ሄማንጊ በእሑዱ ወደ ቀድሞ ቤቷ ሄደች። ሰበቧ የስፌት መኪናዋ ነበር። ሰፈሩ ከወንዙ ወዲህ ማዶ ያለ ጠባብ ቀበሌ ነው፤ ከዚያ ወጥታ ከሄደች ወዲህ እግሯ ረግጦት አያውቅም። በሩ ላይ ስትደርስ መጀመሪያ ያየችው ጫማ ነው። የሴት ነጠላ ጫማ፣ ቀይ ማሰሪያ ያለው፣ አዲስ። አማቷ በሕይወቷ ቀይ ጫማ አድርጋ አታውቅም። ከወጥ ቤቱ የሽንኩርት ጥብስ ይሸታል፤ አንዲት ሴትም ታንጎራጉራለች። የወጣት ድምፅ ነው።

ደወሉን ስትጫን እንጉርጉሮው ቆመ። ሽሪራንግ በሩን ከፈተ፣ እንዳያትም መዝጊያውን በትከሻው ደገፈው። ፂሙን ላጭቶታል።

«ሄማ! ሳትደውዪ...»

«የስፌት መኪናዬን ልወስድ ነው።»

«ዛሬ አይመችም። እኔ እልክልሻለሁ።»

«አዪ የሉም?»

አጠገቧ ያለውን ግድግዳ አየ። «ተኝታለች።»

«በዚህ ሰዓት?»

«ትንሽ አሟታል።»

«እንግዲያው ልጠይቃቸው።»

«ሄማ፣ እባክሽ» አለ። መዝጊያውን ጭራሽ ጠበብ አደረገው። «እልክልሻለሁ አልኩሽ።»

ሄማንጊ ወደኋላዋ ሳታይ ወጣች። ጥጉ ላይ ስትደርስ ግን እግሯ አልሄድ አላት። የሚያቃጥላት ምን እንደሆነ ራሷም አልገባትም። ልቀቀኝ ብላ ለምና፣ ለቅቄሻለሁ ሲላት ምን አስቆጣት? ከመንገዱ ማዶ አበባ የምትሸጠው ወይዘሮ አየቻትና በእጇ ጠራቻት።

«አንቺ ልጅ፣ ጠፋሽ። ታርቃችሁ ነው?»

«አይደለም። እቃ ልወስድ መጥቼ ነው። አዪ አሟቸዋል አሉ?»

«ማን? ኢንዱማቲ?» ሴትዮዋ የማሪጎልድ ጉንጉኗን ጉልበቷ ላይ አስቀመጠች። «ኢንዱማቲ ከሄደች ቆየች እኮ። ቅዱሱን የናርማዳን ወንዝ ልትዞር ነው የወጣችው፣ በእግሯ። ከነዚያ ባለነጭ ልብስ ማኅበርተኞች ጋር። ስልክ እንኳ አልያዘችም፣ ስለት ነው ብላ። ብርዱ አልፎ ሳይሞቅ አትመጣም።»

«ታዲያ ቤት ውስጥ ያለችው ማን ናት?»

«እሷማ ምግብ አብሳይዋ ናት። ማን ያብስልለት? ሻይ እንኳ ማፍላት አይችል። ጥሩ ልጅ ናት፣ ባሏ መናኸሪያ ነው የሚሠራው።»

ሄማንጊ አመስግና ሄደች። ሴት የለችም ማለት ነው። ለምን ዋሸ ታዲያ? አማቷ ወንዝ ልትዞር መሄዷ የሚያኮራ ነገር ነው፤ ሰፈር ሁሉ እግሯን ነክቶ የሚሸኛት ነገር ነው። «ተኝታለች» የሚያሰኝ ምን አለው?

አትያ ነገሩን ስትሰማ መጀመሪያ ያለችውን መተው ከባድ ሆኖባት ነበር። ከዚያ አዲስ አገኘች።

«እናቱን አባሯታል።»

«በፈቃዳቸው ነው የሄዱት፣ አበባ ሻጯ ሸኝታቸዋለች።»

«ይሸኟታላ። ስልክ የላት፣ ዜና የላት። አንድ የመንገድ ዳር ማረፊያ አስገብቷት፣ ቤቱን ሊሸጥ ነው። አንቺ ሚስቱ እስከሆንሽ ድረስ እንቅፋት ነሽ።»

«ሽሪራንግ እናቱን? አትያ፣ እሱ ጥርሱን ሲቦርሽ እንኳ አስፈቅዶ ነው።»

«እንዲህ ዓይነቶቹ ናቸው የሚያስፈሩት» አለች አትያ። «ዕድሜ ልክ ታዝዞ የኖረ ሰው አንድ ቀን ሲነሣ ምን እንደሚያደርግ ማን ያውቃል?»

ሄማንጊ ሳቀች፤ ሌሊቱን ግን ስትገላበጥ አነጋች። ጠዋት ለሱላባ ደውላ «ማመልከቻው ይግባ» አለቻት። ፊት ለፊት፣ ዳኛ ባለበት፣ ራሱ ይናገር። ውሸት መናገር ቢያምረው እንኳ ሽሪራንግ ለሹመኛ ሲዋሽ ጆሮው እንደሚቀላ ታውቃለች።

የቤተሰብ ፍርድ ቤቱ ዳኛ ጡረታ ሊወጡ የተቃረቡ፣ መነጽራቸውን በገመድ አንገታቸው ላይ ያንጠለጠሉ ሴት ነበሩ። ጠበቆቹን ውጭ ትተው ባልና ሚስቱን ቢሯቸው አስገቧቸው። ማራገቢያው ቀስ ብሎ ይዞራል። ዳኛዋ መጀመሪያ መነጽራቸውን ዓይናቸው ላይ አድርገው ሁለቱንም አዩዋቸው፤ የሐሰት ገንዘብ እንደሚመረምር ሰው።

«እንዴት መጣችሁ?»

«እኔ በአውቶቡስ» አለች ሄማንጊ።

«እኔ በሞተር።»

«አልተጣላችሁም። አትሰዳደቡም። ልጅ የላችሁም፣ ክርክር የላችሁም» አሉ ዳኛዋ። «እዚህ የሚመጣ ሰው አብዛኛው እዚያ በር ላይ ሲደርስ ጀርባ ይሰጣጣል። እናንተ ግን በሩ ላይ ‹ቅደሚ፣ ቅደም› ስትባባሉ አይቻለሁ። እንዲህ ተከባብሮ የሚቸኩል ሰው ሳይ አንድ ነገር ይሸተኛል። ወይ አንዳችሁ ሌላውን አስፈራርቷል፣ ወይ ሁለታችሁም እኔን ልታታልሉ ነው። አንቺ፣ አስገድዶሽ ነው?»

«አይደለም፣ ክብርት ዳኛ።»

«ታዲያ ስድስት ወር ምን ጎዳሽ?»

ሄማንጊ መልስ አዘጋጅታ ነበር። ሱላባ ያስጠናቻት ነው፤ ጊዜው መጉላላትን ብቻ ነው የሚያረዝመው የሚል። አፏን ስትከፍት ግን ሌላ ወጣ። «እኔን አልጎዳኝም። የፈለገው እሱ ነው። ለምን እንደፈለገ እኔም አላውቅም። እናቱ ከተማ ውስጥ የሉም፣ እሱ ግን ተኝተዋል ብሎ ዋሸኝ። እርስዎ ይጠይቁልኝ።»

ሽሪራንግ ዞር ብሎ አያት። ጆሮዎቹ ቀልተዋል።

«ስማ» አሉ ዳኛዋ። «እናትህ የት ናቸው?»

«ናርማዳ። ወንዙን እየዞረች ነው።»

«ስለዚህ ጉዳይ ያውቃሉ?»

«አያውቁም። አታውቅም።»

«ለዚህ ነው ወረቀት ወደ ሱቅ የፈለግከው?»

ሽሪራንግ እጆቹን ጉልበቱ ላይ አድርጎ ጣቶቹን ቆጠረ ወይም የቆጠረ መሰለ። ሲናገር ድምፁ ደረቅ ነበር።

«ስትመለስ ‹ተው› ትለኛለች። እኔም እተዋለሁ። ራሴን አውቀዋለሁ። እዚህ መጥቼ ቃሌን አነሳለሁ፣ ሄማም እንደገና ሁለት ዓመት፣ ሦስት ዓመት እየለመነችኝ ትኖራለች። አዪ ከሄደች በኋላ ነው ለመጀመሪያ ጊዜ በራሴ ያሰብኩት። ቤቱ ጸጥ ሲል። ሄማ የዚያን ቀን መታጠቢያ ቤት ውስጥ... የዚያን ቀን እኔ በር ላይ ነበርኩ። እሱን ነው ያሰብኩት። ቢያንስ አሁን በቶሎ ልልቀቃት ብዬ ነው። አዪ ሳትመጣ።»

ሄማንጊ ይህን ሁሉ ሳምንት በልቧ ሴት ስታስገባና ስታስወጣ፣ ቤት ስታሸጥ፣ አሮጊት ስታስጠፋ ነበር። ይህን ግን አላሰበችውም። ፊቱን ልታየው ፈለገች፣ አልቻለችም።

ዳኛዋ መነጽራቸውን አወለቁ። «የነገርከኝ እውነት ነው፣ አምኜሃለሁ። ስላመንኩህም ላነሳልህ አልችልም።»

«ክብርት ዳኛ...»

«‹ጊዜ ከሰጡኝ ሐሳቤን እቀይራለሁ› እያልከኝ እኮ ነው። ይህ ጊዜ የተቀመጠው ለማን ይመስልሃል? ሐሳቡን ሊቀይር ለሚችል ሰው ነው። ዛሬ ባፋታችሁ፣ እናትህ በሌሉበት የተደረገ ነገር ይሆናል። ነገ እሳቸው ፊት ትቆምና ‹ዳኛዋ ናት ያፋታችን› ትላለህ። አይሆንም። ስድስት ወሩን ጨርሱና ተመለሱ።»

ኮሪደሩ ላይ ሱላባ ውሳኔውን ሰምታ ግንባሯን መታች። ሄማንጊ ሽሪራንግን ወደ ደረጃው ጥግ ሳበችው።

«መዋሸት አትችልም ነበር? ‹ሥራ አግኝቼ ልሄድ ነው› ብትል ምን ነበረበት?»

«አንቺ አይደለሽ ይጠይቁልኝ ያልሽው?»

«እኔማ ሴት አለች ብዬ ነው!»

«ሴት?» አለ። ግራ ተጋብቶ አያት፣ ከዚያ ፈገግ ሊል ሞከረ። «ማንን መርጬ?»

እሷንም ሊያስቃት ነበር፤ ግን ተቆጥታ ስለነበር ጥላው ወረደች።

ከዚያ ወዲያ የወይኑ ዋና ወቅት ገባና ሄማንጊ ቀን ከሌት ሥራ ላይ ሆነች። ሽሪራንግ አልደወለም። ሱላባ በየጊዜው ታስጠነቅቃታለች፤ አለመምጣትም በቂ ነው፣ ያን ቀን ሳይመጣ ከቀረ ነገሩ ያው ይሞታል ትላታለች። ሄማንጊም ይቀራል ብላ ደመደመች። እውነቱን መናገሩ ደስ ቢላትም፣ የተናገረው እውነት ራሱ እንደማይመጣ የሚመሰክር ነበር።

ብርዱ አልፎ ሲሞቅ ኢንዱማቲ ተመለሰች። ዜናውን ያመጣችው አትያ ናት፤ «ጠቁራ፣ ከስታ፣ ቅዱስ መስላ መጣች» አለች፣ በጥርጣሬ። በማራቲዎች አዲስ ዓመት ዕለት ደግሞ አንዲት ሴት ቀይ ጫማ አድርጋ በር አንኳኳች። ምግብ አብሳይዋ ነበረች። የጣፈጠ ሽምብራ የተሞላበት ቂጣ በጨርቅ ጠቅልላ ሰጠቻቸውና «አዪ ላኩት» ብላ ሄደች። ምንም መልእክት የለውም።

አትያ ጨርቁን በሁለት ጣቷ ከፈተችው።

«አትብዪው።»

«አትያ፣ ቂጣ ነው።»

«ያየሽው ቂጣውን ነው። ውስጡ ምን ጸሎት እንደተደረገበት ታውቂያለሽ? ያን ሁሉ መንገድ የተጓዘች ሴት ከየባሕታዊው ያልሰበሰበችው የለም። አንዴ ከቀመስሽ በእግርሽ ትመለሻለሽ።» ቁራሽ ቆርሳ መስኮቱ ላይ ለቁራ አደረገች። ቁራው በላ፣ ጮኸ፣ ሌላ ቁራ ጠራ። አትያ ለረጅም ጊዜ አየቻቸው። «ቁራ ባል የለውም» አለች በመጨረሻ፣ ከዚያ መስኮቱን ዘጋች።

ሄማንጊ ማታ ብቻዋን ሆና አንዱን በላች። ጥሩ ነበር፤ ቅቤው የአዪ ነው፣ ታውቀዋለች። ሆኖም ስትውጥ ‹ምን ፈልገው ነው?› ከማለት አልዳነችም። አማቷ በሕይወት ዘመኗ ያለ ምክንያት ቅቤ አቅልጣ አታውቅም። ልጇ ነግሯታል? አልነገራትም? ከነገራት ቂጣው ማባበያ ነው። ካልነገራት ደግሞ ሽሪራንግ ያው ድሮ የምታውቀው ሽሪራንግ ነው፤ ቀኑ ሲደርስ የሆድ ሕመም ይይዘዋል።

የቀጠሮው ቀን የከተማው አስፋልት የሚቀልጥበት የሙቀት ወቅት ላይ ዋለ። ሄማንጊ ከአትያ ጋር ቀድማ መጥታ ኮሪደሩ ላይ ተቀመጠች። ስም ጠሪው ሁለት ጊዜ ወጥቶ ገባ። ሱላባ ሰዓቷን አይታ ከንፈሯን ነከሰች።

«መጡ» አለች አትያ፣ የሄማንጊን እጅ ጨብጣ። «ይዟት መጣ።»

ሽሪራንግ ደረጃውን ይወጣ ነበር። ከኋላው ኢንዱማቲ አለች፣ በነጭ ሳሪ፣ ቀጥ ብላ። በሦስት ወንበር ርቀት ተቀመጠች። ሄማንጊን አየቻት፣ ራሷን በጥቂቱ ነቀነቀች፣ ከዚያ እጆቿን አጣጥፋ ወደ ፊት ማየት ቀጠለች።

«ልታስፈርሰው ነው» አለች አትያ በጆሮዋ። «እያት፣ አፏ ዝግ ነው። እንዲህ ስትዘጋ ነው የሚያስፈራው።»

ሲጠሯቸው ሽሪራንግ ከሄማንጊ ኋላ ገባ። እናቱ ውጭ ቀረች።

ዳኛዋ ያስታውሷቸው ነበር። «እናትህ ተመለሱ?»

«ውጭ ተቀምጣለች።»

«ነገርካቸው?»

«በመጣችበት ሳምንት ነገርኳት።»

«ምን አሉ?»

«መጀመሪያ ምንም አላለችም። ከዚያ ‹ተው› አለች። አልተውም ስላት ለጥቂት ቀን እህል አልቀመሰችም። እኔም አልበላሁም። በኋላ ሁለታችንም በላን።»

«ዛሬ ለምን መጡ?»

«አላውቅም። እኔ አልጠራኋትም። ‹አብሬህ እሄዳለሁ› አለች፣ ‹እሺ፣ ግን ቃሌን አልቀይርም› አልኳት።»

ዳኛዋ ወደ ሄማንጊ ዞሩ፤ እሷም አሁንም እንደምትፈልግ ተናገረች። ከዚያ እሱን ጠየቁት። ሄማንጊ ጆሮዎቹን አየች። አልቀሉም። «አዎ» አለ፣ «እፈልጋለሁ»፣ ድምፁ ሳይነሣ፣ ሳይወድቅ። ይህን ቃል እንዲህ አድርጎ ሲናገረው ሰምታው አታውቅም። አብራው እየኖረች በነበረበት ጊዜ አንዴ እንኳ ሰምታው ቢሆን ኖሮ፣ ዛሬ እዚህ ባልተቀመጡ ነበር። ዳኛዋ ፈረሙ። ትዳሩ አበቃ።

ሲወጡ ኢንዱማቲ ተነሥታ ቆማለች። አትያ በመሃላቸው ልትገባ እርምጃ ስትጀምር ሄማንጊ ክንዷን ይዛ አስቀረቻት።

«አለቀ?» አለች ኢንዱማቲ።

«አለቀ፣ አዪ።»

«ወንዙ ዳር በየመቅደሱ ስላንቺ ነበር የምለምነው። እንድትመለሺ። እናንተ እዚህ ስትፈርሙ፣ እኔ እዚያ።»

«አላወቅኩም፣ አዪ።»

«እኔ ብኖር አላስፈርማችሁም ነበር።»

«አውቃለሁ።»

«እሱም ያውቃል። ለዚህ ነው የደበቀኝ።» አሮጊቷ ልጇን አየችው፤ ከጠበቃው ወረቀት እየተቀበለ ነበር። «ከኔ ደብቆ ምንም ሠርቶ አያውቅም ነበር። አንድም ቀን።» ፊቷ ላይ ያለው ቁጣ ይሁን ኀዘን፣ ወይስ ሌላ ነገር፣ ሄማንጊ ልትለየው አልቻለችም። ብዙ ዓመት ያን ፊት አጥንታዋለች፣ ሁልጊዜም ከኋላው አንድ ነገር ትፈልግ ነበር። አሁንም ፈለገች። ኢንዱማቲ እጇን ዘርግታ የሄማንጊን ጉንጭ ነካች፣ ቶሎም መለሰችው። «ከስተሻል» አለችና ደረጃውን መውረድ ጀመረች። ሽሪራንግ ተከተላት። ታችኛው ደረጃ ላይ ዞር ብሎ ለሄማንጊ እጁን አነሣ። እሷም አነሣች።

«ምን አለችሽ?» አለች አትያ። «ምን ፈልጋ ነው?»

«ምንም።»

«ሰው ያለ ምንም እዚህ ድረስ...» ብላ ጀምራ የሄማንጊን ፊት ስታይ አቆመች።

ከፍርድ ቤቱ በር ውጭ የሸንኮራ ጭማቂ የሚሸጥበት ጋሪ ነበር። አትያ ሁለት ብርጭቆ አዘዘችና በረዶው ከምን ውሃ እንደተሠራ ሻጩን ትመረምር ገባች። ሻጩ ሲምል፣ እሷ ስትሞግት፣ ሄማንጊ ከኒም ዛፉ ጥላ ሥር ቆማ አለቀሰች። ለምን እንደምታለቅስ ብትጠየቅ አታውቅም። የፈለገችውን አግኝታለች፤ የሰጣት ሰው ደግሞ ሊሰጣት የቻለው እሷ ከሄደች በኋላ ነው። አትያ ብርጭቆውን ይዛ መጣች፣ አየቻት። የነጠላዋን ጫፍ አቀበለቻትና ፊቷን ወደ መንገዱ አዞረችላት፤ አላፊ አግዳሚው እንዳያያት በጀርባዋ ከልላት ቆመች። ሄማንጊ ፊቷን ጠርጋ ጭማቂዋን ተቀበለች። ቀዝቃዛ ነበር፣ ሎሚና ዝንጅብል ገብቶበታል፤ ሳትመረምረው እስከ ግርጌው ጠጣችው።